ሐሙስ ዘንገና ላይ ይወድቃል የተባለው ድንጋይ

ቪዲዮው ለስሜነሽ የደረሳት ሰኞ ጠዋት እንጅባራ ካለችው የልብስ ስፌት ቤቷ ተቀምጣ ሳለ ነው። ዘንገና ሐይቅ ከላይ ይታያል። አንድ ወፍራም ድምፅ፣ «ይህን ጉድጓድ የቆፈረው ከሰማይ የወረደ ድንጋይ ነው። ሳይንቲስቶች የደበቋችሁ መንትያው ሐሙስ እዚያው ይወድቃል» ይላል። ወዲያው ቪዲዮው ላይ እሳት የጎተተ ነገር ደመናውን ሰንጥቆ ወረደ።

 እናቷ እንቁ የምትኖረው ከሐይቁ አጠገብ ነው። ብትደውል ብትደውል ኔትወርክ የለም። ቪዲዮውን ለእድሯ ሴቶች ላከችና በድምፅ ጨመረችበት፤ «እናቴ እዚያው ናት! ኧረ ጸልዩላት!»

በማግስቱም ስልኩ እምቢ ሲላት ባጃጅ ይዛ ወደ ዘንገና ገሰገሰች። መንገዱ ላይ ሰው ከብቱን እየነዳ ይወጣል።

«ሰው ሲሸሽ አንቺ ትገቢያለሽ?» አላት ባለባጃጁ ይሄነው። «እኔም መጀመሪያ ስቄበት ነበር። ያመንኩት የአገሩን ሰው ስሰማ ነው።» ስልኩን ከፈተላት።

የራሷ ድምፅ ነበር። የሐዘን ዜማ ተጭኖበት፣ «እናቴ እዚያው ናት!» እያለ ይጮኻል። ከሥሩ «እናቷ የሞተችባት የዘንገና ሴት» ተብሎ ተጽፏል። ድምፁ የእሷ መሆኑን እያወቀች ጽሑፉን ስታነብ እናቷ እውነት የሞተች መሰላት።

እናቷ በሕይወት ነበረች፤ ላሟን ፈትታ ልትወጣ ስትል ስሜነሽ ደረሰች። ጎረቤታቸው አያ አድማሴ ገመዱን ይዘዋል።

«አያ አድማሴ፣ ውሸት ነው! የሰሙት የኔን ድምፅ ነው። እኔ ምንም አላየሁም!»

ሽማግሌው ትክ ብለው አዩዋት። «እንዲህ በይ ያሉሽ እነማን ናቸው ልጄ?»

«ማንም አላለኝም!»

«ቪዲዮውም ተናግሯል። ውሸት ነው የሚሏችሁ ይመጣሉ ብሏል።»

 ስሜነሽ ወደ እናቷ ዞረች። «እማዬ፣ አንቺስ አታምኚኝም?»

«አምንሻለሁ» አለች እንቁ ዓይኗን ሰብራ። «ግን እውነት ቢሆንስ?»

ከተማ ወርደው ስሜነሽ ቤት ሰነበቱ። ሐሙስ መጣ፤ ሰማዩ ጠርቶ ዋለ። ዓርብ ሲመለሱ ጠባቂ ያጣውን የእንቁን የድንች ማሳ ጦጣ ገለባብጦታል።

አያ አድማሴ ከአጥሩ ማዶ፣ «አየሽ፣ ጸሎታችን መለሰው!» አሏት። «ቀጣዩ ጥር ላይ ነው አሉ፤ ቪዲዮውን ልላክልሽ?»

«ይተዉት አያ፤ ለማንም አይላኩ» አለቻቸው ስሜነሽ።

እንቁ የተረፈውን ድንች ትለቅማለች። በየመሀሉ ቀና እያለች ሰማዩን ታያለች።