ሸማ በምን ይሠራል?

፩

«…ተበዳዩ ሸማኔ በመሆኑ፣ ሸማም የሚሠራው በእጅ በመሆኑ፣ የቀኝ እግሩ ጉዳት ገቢውን እምብዛም አይነካውም። ስለዚህ የተጠየቀው ካሳ ተቀንሶ…»

ከዚህ በታች ያለውን አንጁሎ አላነበበም። ወረቀቱን አጥፎ ደረት ኪሱ ከተተና የፍርድ ቤቱ ደረጃ ላይ ተቀመጠ። መቀመጥ ከተባለ ነው፤ ጉልበቱ አልታጠፍም ካለ ስምንት ወሩ፣ እግሩ እንደ አጣና ተገትሮ አላፊ አግዳሚውን ያደናቅፋል።

፪

አንባቢ ሆይ፣ ሸማ ለብሰህ ታውቃለህ፤ ሲሠራ ግን አላየህም። አትፈር፣ የፈረደበት ዳኛም አላየም። በል እንዲህ አድርግ፦

መሬት ቆፍር። ጠርዙ ላይ ተቀመጥና እግሮችህን ወደ ጉድጓዱ ስደድ። ከታች ሁለት መርገጫ አለ። ቀኙን ስትረግጥ ድሩ ይከፈትልሃል፣ መወርወሪያውን ታሳልፋለህ። ግራውን ስትረግጥ ትመልሳለህ። ቀን ሙሉ። ሠላሳ አንድ ዓመት።

አሁን ቀኝ እግርህን አውጣ።



ሥራ።

፫

ቅዳሜ ጠዋት ነበር። አንጁሎ ስድስት ነጠላ ይዞ ወደ ሽሮ ሜዳ ገበያ ሲወርድ ፍሬን የበጠሰ ሚኒባስ ከግንብ ጋር አጣበቀው። ያዩ ሰዎች እንዳሉት፣ ወድቆ እንኳ እጁን ወደ ላይ ዘርግቶ ነበር። ነጠላዎቹን ጭቃ አልነካቸውም።

፬

ዳኛው «በእጅ» የሚለውን ቃል ከሜዳ አላፈሰውም። የሐኪሞች ቦርድ ጉዳቱን ሊገምት ሲቀመጥ የሆነው ይኸ ነው፦

ሐኪም፦ ሥራህ ምንድን ነው?
አንጁሎ፦ ሸማኔ።
ሐኪም፦ የምትሠራው በምንህ ነው?
አንጁሎ፦ በእጄ።
ሐኪም፦ በእጅህ ብቻ?
አንጁሎ፦ በእጄ ብቻ፣ ዶክተር።

ጻፉት።

ፈረመ።

፭

«አንተ ሰውዬ አብደሃል?» አለች ሚስቱ አስካለ። «እግርህን ሸሽገህ የእግር ካሳ ትጠይቃለህ?»

«ዝም በይ።»

«ዝም ብዬ ልጅቷን ምን ላብላት? ኩራትህን በሚጥሚጣ?»

«ያ ሁሉ ነጭ ጋውን ፊት፣ ጉድጓድ ውስጥ ነው የምውለው ልበል?»

«ታዲያ የት ነው የምትውለው? ሰገነት ላይ?»

ሊስቅ ነበር፤ እሷ ግን ፊቷን አዙራ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ስትጠርግ አየ። ካሳው ካልተጨመረ እሷ ሰው ቤት ልብስ ልታጥብ፣ ልጅቷም ከስድስተኛ ክፍል ወጥታ ጥጥ ልትፈትል ነው።

፮

አንጁሎ የማይረሳቸው ሰዎች፦

አራተኛ ክፍል፣ ከኋላው ይቀመጥ የነበረ ልጅ። «የአንጁሎ አባት እስከ ወገቡ ተቀብሯል! ቀሪውን ማን ይቅበርለት?»

የሳቁት መምህር።

ለልጃቸው ሠርግ አሥራ ሁለት ቀሚስ ያሠሩት እትዬ ወይንሸት። ቀሚሱን አቅፈው ሳሙት። ሠሪውን ግን በሸማኔ መስደቢያው ስም «ቁጢት በጣሹን በጓሮ በር አስገቡት» አሉ።

ሌሎችም አሉ፤ ሁሉን ብጽፍ ወረቀቱም ይሰለቻል።

ትምህርቱን በዚያው በአራተኛ ክፍል ተወ። ከዚያ ወዲህ ስለ ጉድጓዱ ለባዕድ ትንፍሽ ብሎ አያውቅም። ደንበኛ ቤቱ ሲመጣ ተሽቀዳድሞ በሰሌን ይሸፍነዋል።

፯

አቶ ኅሩይ ፍርድ ቤቱ አጥር ሥር በጃንጥላ ጥላ ማመልከቻ የሚጽፉ ሰው ናቸው።

«ይግባኙን ጽፌልሃለሁ» አሉት። «ግን ፊርማህ እዚያ አለ፣ የኔ ወንድም። አፍህ ያሰረውን አፍህ ነው የሚፈታው።»

፰

የይግባኝ ችሎት። ዳኛዋ ወጣት ሴት ናት።

ዳኛ፦ አቶ አንጁሎ፣ እርስዎ ይቀመጡ። ቆመው እንዳይቸገሩ።

(ከመንግሥት ሰው አፍ «እርስዎ» ሲባል ይህ የመጀመሪያው ነው። ስድብ ቢሆን መልስ ነበረው።)

የሚኒባሱ መድን ድርጅት ጠበቃ፦ ክብርት ዳኛ፣ ይግባኝ ባይ በገዛ አንደበታቸው «በእጄ ብቻ» ብለዋል። ዛሬ እግር ያበቀሉት ካሳው ስላነሳቸው ነው።

(ከኋላ አግዳሚ ወንበር ሳቅ።)

ዳኛ፦ ጸጥታ! አቶ አንጁሎ፣ ሸማ በእግርም ይሠራል?

አንጁሎ፦ ይሠራል።

ዳኛ፦ እንዴት?

አንጁሎ፦ ጉድጓድ… ጉድጓድ አለ። እግር እዚያ ይገባል። ይረግጣል።

(ሳቁ እንደገና። አሁን ሁለት ሰው ነው።)

ዳኛ፦ ታዲያ ለሐኪሞቹ ለምን ሸሸጉ? የሚያሳምነኝ ምክንያት ካለ ቦርዱ እንደገና እንዲያይዎት አዛለሁ። ከሌለ የፈረሙት ይጸናል። በራስዎ ቃል ይንገሩኝ።

አንጁሎ ወደ ኋላ ዞሮ የሚስቁትን አየ። አስካለን አየ። የችሎት ጸሐፊዋ ጣቶቿን የኮምፒውተሯ ፊደሎች ላይ አድርጋ ትጠብቃለች።

እኔ ልመልስለት ፈልጌ ነበር። በእኔ ቃል ግን አይመዘገብም፤ የሚቀጥለውን መስመር ለእሱ ባዶ ትቼለታለሁ።

፱

አንጁሎ፦