ስም ያለበት ወረቀት

«ጭሰኛው ድምፁን መደበቅ ለምን አስፈለገው?» ብላ ሮማነወርቅ ስትጠይቃት ከበደች እርሳሷን ጨበጥ አድርጋ ጥያቄውን ለራሷ ደገመችው። ድምፅ የሚደበቅ ነገር መሆኑንም ገና ያን ዕለት መስማቷ ነበር።

የካቲት 1958 ዓመተ ምሕረት፣ እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። ስቶክሆልም ያሉት ኢትዮጵያውያን ተማሪዎች ለማኅበራቸው በተከራዩት ምድር ቤት ሦስት ሴቶች ፊደል ይማራሉ። በመስኮቱ የሚታየው የአላፊ አግዳሚው ጫማና በረዶ ብቻ ነው። ከበደች አዲስ አበባ ሳለች ያሳደገቻቸውን የአንድ ስዊድናዊ መሐንዲስ ልጆች ተከትላ የመጣች ሴት ናት፤ ከከተማው ወጣ ባለው ሶለንቱና እነሱ ቤት ትኖራለች። አንድ ልጇ ዓምደ ሚካኤል ከእሷ በፊት በስቲፔንዲየም፣ ማለትም በነፃ የትምህርት ገንዘብ፣ መጥቶ የሕንፃ ምሕንድስና ያጠናል። ሊጨርስ አንድ ዓመት ቀርቶታል። ያቺ አንዲት ዓመት ለከበደች ከጠቅላላው ዕድሜዋ ትረዝም ነበር፤ ልጇን ጉንፋን በያዘው ቁጥር፣ ደብዳቤ በመጣለት ቁጥር ስለት ትሳላለች።

አስተማሪዋ ሮማነወርቅ የሕግ ተማሪ ናት። ስዊድኖች ፓርላማቸውን ካሻሻሉ መቶ ዓመት ሊሞላ ነውና ጋዜጣው ሁሉ ስለዚያ ያወራል፤ የመመረቂያ ጽሑፏም በዚሁ ላይ ነው። ለሴቶቹ የሚነበብ መጽሐፍ ስላልነበራት የራሷን ጥናት በአጫጭር ዓረፍተ ነገር እየጻፈች ታስነብባቸዋለች። ከበደችም እያንዳንዱን ቃል በጣቷ እየተከተለች አነበበች። ጥንት ሸንጎው አራት ነበር፤ የመኳንንት፣ የካህናት፣ የነጋዴ፣ የገበሬ። በኋላ አራቱ ፈርሰው ሁለት ምክር ቤቶች ተተኩ።

«ገረድስ?» አለች ከበደች።

«ገረድማ የለችበትም፣ እማማ። ሎሌም የለበትም። መሬት ወይም በቂ ገቢ ያለው ወንድ ብቻ ነው የሚመርጠው። በየወረዳው ምርጫ ደግሞ ድምፅ በሀብት ይመዘን ነበር። የአንድ ባለጸጋ ድምፅ የሰፈሩን ሁሉ ድምፅ የሚያህልበት ቦታ ነበረ።»

«እንግዲያው ምኑን አሻሻሉት?»

ሮማነወርቅ ከት ብላ ሳቀች። «እሱን አይደል የምጽፈው! ፕሮፌሰሬ እርስዎን ባገኘ።»

ከዚያ ወደ እንግሊዝ አገር ተሻገሩ። እዚያ ጭሰኛው ሕዝብ ፊት ቆሞ የሚመርጠውን ሰው ስም ጮክ ብሎ ይናገር ነበር። የመሬቱ ጌታ ወይም ወኪሉ ቆሞ ይሰማል። ጌታው ያልወደደውን የመረጠ ከነልጆቹ ከመሬቱ ይነቀላል። በአውሮጳ አቆጣጠር በ1872 ድምፅ በስውር በወረቀት ተጽፎ በሳጥን እንዲከተት ተደነገገ። ያ የሮማነወርቅ ጥያቄ የመጣው እዚህ ላይ ነው። ከበደች ግን ባሏን አስታወሰች። ባሏም ጭሰኛ ነበር፤ ማንንም ሳይመርጥ ነው የተነቀለው።

ትምህርቱ ሲያበቃ እንደ ልማዳቸው አንድ ገጽ ጻፉ። ሮማነወርቅ አንድ የማትታገሠው ነገር ነበር፤ «ስም የሌለበት ወረቀት ምልክት የሌለው ከብት ነው» ትል ነበር። ስም ከራስጌ ካልተጻፈ አታርምም። ከበደች ሁልጊዜ የምትጽፈው «ከበደች፣ የዓምደ ሚካኤል እናት» ብላ ነው።

«የአባትዎን ስም ይጻፉ እንጂ፣ እማማ።»

«አባቴን እዚህ ማን ያውቀዋል? እኔንም ያወቃችሁኝ በልጄ ነው።»

በሳምንቱ ማኅበሩ ተሰበሰበ። አገር ቤት ስለ ጭሰኞች ሰልፍ ወጥተው የታሰሩ ተማሪዎች ይፈቱ የሚል ጽሑፍ ይላክ ወይስ አይላክ የሚል ክርክር ተነሣ። ግማሹ ይላክ አለ፤ ግማሹ ስቲፔንዲየሙን ፈራ። ሮማነወርቅ ተነሥታ ፊደል የሚማሩት ሴቶችም ድምፅ ይስጡ አለች።

«የተማሪዎች ማኅበር ነው እኮ!» አለ አንዱ።

«እና እነሱ ምንድን ናቸው? አንተ ሁለት ዓመት ስትወድቅ እማማ ከበደች አንድ እሑድ አልቀሩም።»

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ሊቀ መንበሩ ሣህሉም ሳቀና ፈቀደ። ሌሎቹ ሁለት ሴቶች ፈርተው ወጡ፤ ከበደች ቀረች። ሣህሉ ሴቶቹ ፊደል ከሚጽፉበት ደብተር ላይ እየቀደደ ወረቀት አደለ።

ከበደች ለልጇ ስትል «አይ» ልትል ነበር ያሰበችው። ወረቀቱ ፊቷ ሲቀመጥ ግን ባሏ ጎጆውን ከውጭ ቆሞ ሲያይ ታያት። «አዎ» ብላ ጻፈች። ከመጻፏ በፊትም፣ ስድስት ወር ሙሉ በየእሑዱ እንዳደረገችው፣ ከራስጌው ስሟን ከነልጇ ስም አሰፈረች። ወረቀቱን አጥፋ እንደ ሳጥን በቀረበው የጫማ ካርቶን ውስጥ በደስታ ከተተችው።

ሣህሉ አንድ በአንድ እያወጣ አነበበ። አንዱ ላይ ሲደርስ የተጻፈውን ስም ትቶ «አዎ» ብቻ ብሎ አለፈ። ዐሥራ አንድ ለዐሥር ሆነ፤ ጽሑፉ እንዲላክ ተወሰነ።

ወረቀቷን ቀዶ ቢጥለው ኖሮ ነገሩ እዚያው ባበቃ። ነገር ግን የስዊድንን የማኅበር ሥርዓት ተምረው ነበርና በሥርዓታቸው ይኮሩ ነበር። ያልተመዘገበ ውሳኔ ውሳኔ አይደለም። ሣህሉ ቃለ ጉባኤውን በንጹሕ ገለበጠ፤ ሃያ አንዱን ወረቀት በክር ሰፍቶ አያያዘ። በደንብ የተወሰነ መሆኑ እንዲታወቅም ሁሉንም ከጽሑፉ ጋር አንድ ላይ፣ ወደ አገር ቤት እንዲያስተላልፍ የትምህርት ገንዘባቸውን ለሚከፍለው ድርጅት ተጠሪ ላከ። ስሙ የሚያመጣውን መዘዝ ማንም አላሰበበትም።

በሦስተኛው ሳምንት ዓምደ ሚካኤል ደብዳቤ ደረሰው። ስቲፔንዲየሙ ተቋርጧል፤ በአንድ ወር ውስጥ ወደ አገሩ ይመለስ። ከሃያ አንዱ ወረቀት ስም ያለበት አንድ ብቻ ነበር።

ሣህሉ ልጇን ይዞ ሶለንቱና መጣ። መሐንዲሱ ቤት ማእድ ቤት ውስጥ ተቀመጡ።

«እማማ፣ ጥፋቱ የኔ ነው» አለ። «አንድ መውጫ ግን አለ። ተጠሪው ዘንድ ሄደው ፊደል አላውቅም ይበሉ። ማን ይጠረጥራል? በአውራ ጣትዎ ይፈርሙና ነገሩ ያበቃል።»

«እና ማን ጻፈው ልበል?»

«ምንም አይበሉ። ዝም ይበሉ።»

ከበደች ወደ ልጇ ዞረች። «አንተስ ምን ትላለህ?»

ዓምደ ሚካኤል ቀና አላለም። «አንድ ዓመት ነው የቀረኝ፣ እማዬ» አለ።

ተጠሪው አቶ ገብረ ወልድ ጨዋ ሰው ነበር። ቢሮው ስትደርስ ከመቀመጫው ተነሥቶ ተቀበላት፤ ወንበር ሳበላት። ወረቀቷን ከክሩ ፈትቶ ፊቷ አኖረው።

«የእርስዎ እጅ ጽሑፍ ነው?»

«ፊደል አላውቅም፣ ጌታዬ።»

«እኔም እንዲያው ገምቼ ነበር። እናት በልጇ ላይ በገዛ እጇ አትጽፍም።» ቀድሞ በታይፕ ያስጻፈውን ወረቀት አወጣ። «ላንብብልዎ» አለና ለዘብ ባለ ድምፅ አነበበ። «እኔ ወይዘሮ ከበደች ማንበብና መጻፍ የማልችል ስሆን፣ ስሜ ያለበትን ወረቀት አልጻፍኩም። ልጄም የሚያውቀው ነገር የለም።» ወረቀቱን ወደ እሷ አዞረና ቀለም የነካውን ስፖንጅ አቀረበላት።

ከበደች ዓይኗን ከወረቀቱ ልታሸሽ ሞከረች፤ ዓይኗ ግን እንቢ አለ። ያነበበላት ሁለት ዓረፍተ ነገር ነበር። ወረቀቱ ላይ ያለው ሦስት ነው። ሦስተኛውን ቃል በቃል ተከተለችው፤ ከንፈሯ እንዳይንቀሳቀስ ጥርሷን ነክሳ። «ወረቀቱን በስሜ የጻፈችው ፊደል አስተምራለሁ በማለት የምትሰበስበን ወይዘሪት ሮማነወርቅ ናት።»

«ያልገባዎት ነገር አለ?» አላት።

ይህችን አላነበብክልኝም ብትል ማንበቧን መናገሯ ነው። አንገቷን በአሉታ ነቀነቀች። አቶ ገብረ ወልድ እጇን በሁለት እጁ ይዞ፣ ለሕፃን እንደሚደረግ፣ አውራ ጣቷን ቀለሙ ላይ ከዚያም ወረቀቱ ላይ ተጫነላት። ከዚያ የምትጠርግበት መሐረብ ሰጣት።

በሚቀጥለው እሑድ ከበደች አመመኝ ብላ ቀረች። በኋላ እንደሰማችው ሮማነወርቅ ስለ ጥፋቷ ተጠይቃ አንድም ቃል አልተከራከረችም፤ ወረቀቱን አልጻፍኩም ብትል ማን እንደጻፈው ትጠየቃለችና። ወደ አገሯ እንድትመለስ ታዘዘች፤ ጥናቷን ሳትጨርስ ሻንጣዋን አሰረች። ለመሰናበት ሶለንቱና ደውላ ነበር። ስልኩን ያነሣችው የመሐንዲሱ ልጅ «ከበደች፣ ላንቺ ነው» ብላ በስዊድንኛ ስትጣራ ከበደች ምድር ቤት ወርዳ ልብስ ማጠቢያው አጠገብ ቆማ ነበር። አልወጣችም።

አውሮፕላን ጣቢያ የሸኟት ሣህሉና ሌሎች ሁለት ተማሪዎች ናቸው። አዲስ አበባ ማን እንደተቀበላት ማንም አልጻፈላቸውም።

ዓምደ ሚካኤል ስቲፔንዲየሙ ተመልሶለት በዓመቱ ተመርቆ እዚያው ስቶክሆልም ሥራ ያዘ፤ እናቱም አብራው ቀረች። በእነሱ ፈንታ የሄደችው ሮማነወርቅ ናት።