የቀይ ጭልፊቱ ጃኬት

ልብስ ሰፊው ታናሽ ወንድሙን ያሳደገው በመቀሱ ነው። አባታቸው ሲሞት ታናሹ ገና የወተት ጥርሱን አልነቀለም ነበርና ወንድምም አባትም ሆነለት። የሰፈሩ ሰው ታናሹን «ጄት» ይለዋል። ስሙን ያወጣለት የጎረቤቱ ቪዲዮ ቤት ነው፤ እዚያ ስለ ተዋጊ አውሮፕላን አብራሪዎች የሚያወራ አንድ የድሮ ፊልም አይጠፋም። ፊልሙ አርጅቶም አልሞት ብሏል። አባቶች ያዩትን ልጆች ያዩታል፤ ከዚያ ጥቁር መነጽር አድርገው ሞተር ሳይክል ላይ ይወጡና ሰማዩ የእነሱ ይመስላቸዋል። ጄትም አውሮፕላን የሚያውቀው አንጋጦ ነው።

እብደቱ ለልብስ ሰፊው ሲሳይ ነበር። ወጣቱ ሁሉ የፊልሙን የቆዳ ጃኬት ይፈልጋል። ያስቸገረው የደረቱ ዓርማ ነው፤ ቪዲዮውን ሲያቆሙት ምስሉ እየተርገበገበ አልለይ ይላል። አንድ ቀን አንድ ሽማግሌ ዚፑ እንዲቀየርለት ያረጀ ጃኬት ይዞ መጣ። ደረቱ ላይ መብረቅ የጨበጠ ቀይ ጭልፊት አለበት፤ የእውነተኛ አብራሪ ጃኬት ነው። ልብስ ሰፊው ወረቀት ደርቦ ዓርማውን ገለበጠ።

«ይሄን ባትሰፋው ይሻልሃል፣ ልጄ» አለው ሽማግሌው።

«ለምን አባባ? ያምራል እኮ።»

ሽማግሌው ጃኬቱን አጣጥፎ ወጣ። ልብስ ሰፊው «ምቀኛ» ብሎ ከኋላው ሳቀ። የመጀመሪያውን ጃኬት ሰፍቶ እንደጨረሰም ማስታወቂያ ይሆነኛል ብሎ ለጄት አለበሰው።

ጄት ጃኬቱን እንደለበሰ በሞተር ሳይክሉ ከድልድዩ ማዶ ሱሪ ሊያደርስ ሄደ። እዚያ የሚኖሩት ጦርነት ያፈናቀላቸው ሰዎች ናቸው። ብዙም ሳይቆይ ድልድዩ አጠገብ ሻይ የምትሸጠው ሴት እያለከለከች ሱቁ ገባች።

«ወንድምህን እየገደሉት ነው» አለችው።

መቀሱን እንኳ ሳያስቀምጥ ሮጠ።

ሞተር ሳይክሉ መንገድ ላይ ይቃጠላል። ጄት መሬት ላይ ተኮራምቷል፤ ተፈናቃዮቹ በብረት ዘንግ ጀርባውን ይሉታል። አንዱ አገጩን በጫማው ሲረግጠው የአጥንቱ መሰበር ተሰማ። ልብስ ሰፊው ሰዉን ጥሶ ገብቶ ወንድሙ ላይ ተደፋ። ቀጣዩ ምት የሱ ጎን ላይ አረፈ።

«አብራሪ አይደለም» አለ ትንፋሹ እየተቆራረጠ። «በእናታችሁ፣ ፊልም አይቶ ነው። ፊልም ነው።»

አንዲት አሮጊት ዘንጎቹን በእጃቸው ገፋ አድርገው ጎንበስ አሉ።

«ፊልም አላውቅም» አሉ። «ይሄን ወፍ ግን ከሆዱ በኩል አውቀዋለሁ። የአውሮፕላኑ ክንፍ ስር ተስሎ ነበር። ገበያው ላይ ዝቅ ብሎ መጣ። ልጄን በጆንያ ለቅሜ ነው የቀበርኳት።»

የሽማግሌው ነገር ያኔ ገባው።

«የሰፋሁት እኔ ነኝ» አለ። «ያለበስኩትም እኔ። እሱን ተዉት።»

«በየትኛው እጅህ?» አለው ብረት የያዘው ሰው።

መዋሸት ይችል ነበር። ቀኝ እጁን ዘረጋ። ድንጋይ ላይ አስተኝተው ጣቶቹ ጣት መምሰል እስኪተዉ ድረስ ቀጠቀጡት። አሮጊቷ የወደቀውን መቀስ አንስተው ጭልፊቱን ከጃኬቱ ላይ ቆርጠው አወጡና እሳቱ ውስጥ ጣሉት።

«በል፣ ወንድምህን ውሰድ» አሉት።

ወሬ ክንፍ አለው። ልብስ ሰፊው እጁን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ ሱቁን ሲከፍት ጎረምሶች በር ላይ ይጠብቁታል። «ሰው ያስደበደበው ያ ጃኬት አለ እንዴ?» ይሉታል፣ ዓይናቸው እያበራ። አንድ በአንድ አባረራቸውና ወደ ሆስፒታል ሄደ።

ጄት መንጋጋው በሽቦ ታስሮ ተኝቷል። ወንድሙን ሲያይ ከንፈሩን በጭንቅ አላቀቀ።

«ጃኬቴስ?» አለ።

ልብስ ሰፊው አባታቸው ከሞተ ወዲህ እጁን አንስቶበት አያውቅም። በጤነኛው ግራ እጁ በጥፊ መታው። ልጁ ሽቦው ውስጥ ሲያቃስት ልብስ ሰፊው አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጠ፣ የመታበትን እጁን ጉልበቶቹ መሃል ቀብሮ ስቅስቅ ብሎ አለቀሰ።