የአባቴ የልጣጭ ዘር

፩

ልጣጭ ነበር።

የባቄላ ንፍሮ ልጣጭ። ይህን ያዙልኝ፤ አባቴ ማምሻውን ይፈልገዋል።


፪ (ማሽላ አዘራር፣ በእኛ ሰፈር)

በመጀመሪያ ሰማዩን ተመልከት። ምንም አይነግርህም። ድሮ ሚያዝያ ሲገባ ዝናቡ ይጥላል፣ ጅጉርቴ የምንለው ረጅሙ ማሽላ ይዘራል፣ ሳይቸኩል እስከ ኅዳር ይደርሳል። አሁን ዝናቡ ብቅ ብሎ ይጠፋል፤ በሐምሌ ደግሞ የከረመበትን ሁሉ ባንድ ቀን ሊያወርድብን ይመጣል።

ቀጥለህ ራዲዮ ስማ። «በአንዳንድ አካባቢዎች ይዘንባል» ይላል። እኛ አንዳንድ እንሁን አንሁን የሚነግረን የለም።

ስለዚህ ሰው ሁሉ የሚያደርገውን አድርግ፤ ጉብታው ላይ ቁምና አያ ጌጡን ተመልከት። እጁ ያበቅላል ይባላል። እሱ ሳይዘራ የሚዘራ የለም።

አያ ጌጡ አባቴ ነው። ስለ እጁ ግን እኔን አትጠይቁኝ፤ ደጃችን የተከለው ጌሾ በቆመበት ደርቋል።


፫

ዘንድሮ አባቴ ጅጉርቴ ላለመዝራት ወስኖ ነበር፤ ለጎረቤት ግን ትንፍሽ አላለም። የአምናው ገና ሳያፈራ በሰኔ ፀሐይ ተቃጥሎበት የተረፈው ዘር አንድ ቅል ብቻ ነው። ሐምሌን ጠብቆ ጤፍ ሊዘራ አስቧል። ቅሏን ከራስጌው ሰቅሎ ጠዋት ጠዋት ይዳብሳታል። እናቴ ደብሪቱ «እኔን እንኳ እንዲህ አድርጎኝ አያውቅ» ትላለች።


፬

ማክሰኞ አመሻሹ ላይ ካፊያ ጣለ። ረቡዕ ማለዳ አባቴ ከበሬው ጋር አዲሱን ወይፈን ጠመደ። ቀንበር ሊያለማምደው እንጂ ሌላ ሐሳብ አልነበረውም። ቁርሱን፣ የባቄላ ንፍሮውን፣ በእንቅብ ያዘ፤ ሆዱን ስለማውቅ አልገረመኝም።

ወይፈኑ እንቢ ብሎ ቆመ። ወይፈኑ እስኪበርድለት ድረስ አባቴ ማሳው ውስጥ እየተንጎራደደ ባቄላውን ይልጣል፤ ልጣጩን ወደ ግራ ይበትናል፣ ወደ ቀኝ ይበትናል።

አሁን ከጉብታው ላይ ሆናችሁ ተመልከቱት።


፭

ዘሩ።

ሁሉም።

ባሏ የሞተባት ጎረቤታችን እትዬ ዘርፌ እንኳ ጎታዋን ጠርጋ ዘራች።


፮ (ከምሳ በኋላ የተደረገ ንግግር፤ ከጓዳ ሆኜ የሰማሁት)

እናቴ፦ ሰፈሩ ጅጉርቴውን ዘርቶ ጨረሰ።

አባቴ፦ ምን አይተው?

እናቴ፦ አንተን።

አባቴ፦ እኔ መች ዘራሁ?

እናቴ፦ እንቅብ ታቅፈህ ስትበትን ታዲያ ምን ይበሉ? ዝናቡ ባይደግምስ?

አባቴ፦ ዘሩን ጉንዳን ይለቅመዋል። እንግዲህ እኔም ቅሏን ዘርቼ አብሬያቸው ልክሰር።

እናቴ፦ እሷም ከሄደች ጅጉርቴ ካገር ጠፋ በለኛ።

አባቴ፦ እንግዲያው ዝም ልበል። ዝም አይነቅዝም።

እናቴ፦ ሆድህ ይነቅዛላ።


፯

እዚህ ላይ አባቴን ጀግና ላደርገው ሞክሬ ሰርዤዋለሁ። ማምሻውን እውነቱን ሊናገር የሄደው እናቴ ነጠላዋን አጣፍታ ፊት ፊት ስለሄደች ነው። እኔም ተከተልኩ።

ጎረቤቱ በሙሉ እትዬ ዘርፌ ደጃፍ ተሰብስቦ፣ ሥራውን እንደጨረሰ ሰው እግሩን ዘርግቷል።

«እጅህ ይባረክ፣ አያ ጌጡ» አለች እትዬ ዘርፌ።

«ልጣጭ ነበር» አለ አባቴ።

ነገሩ ሲገባቸው ሳቁ፤ አንዱማ ትን አለው። ከዚያ አንድ በአንድ ቀና እያሉ ሰማዩን አዩ። ደመና አልነበረም። ሳቁ ቆመ። አባቴ አሳዘነኝ፤ እነሱም አሳዘኑኝ።

ቅሏን ከጋቢው ሥር አወጣ። «እኔን አይታችሁ ነው የገባችሁበት። ነገ እኔም እዘራታለሁ።»

እትዬ ዘርፌ ቅሏን ተቀብላ ጆሮዋ ሥር ነቀነቀቻት። ክዳኗን አጥብቃ መለሰችለት።

«አትዘራትም» አለች። «የእኛ ከበቀለ ከእኛ ትበላለህ። ካልበቀለ ካንተ እንዘራለን። ይልቅ ንፍሮ ከተረፈህ አምጣ።»


፰

ቅሏ ራስጌው ላይ ተመልሳ ተሰቅላለች። አባቴ አሁን አይዳብሳትም፤ የራሱ አይደለችምና ያፍራል።

ጉብታው ላይም የሚቆመው እሱ ሆኗል። ጠዋት ጠዋት የእትዬ ዘርፌን ማሳ ይመለከታል።


፱

ይህን ቁጥር መሙላት የሰማዩ ሥራ ነበር፤ እሱ ደግሞ ቀጠሮ አያከብርም። እስኪ እናንተ ጨርሱልኝ።

በሳምንቱ ዝናቡ