የኦቦ ሙለታ ጉርድ ፎቶ

«ይሄ ሰውዬ ያውቅ ነበር!» አለች ዱሬቲ፣ የሟች ወንድሟን ኮት በአንድ እጇ እንዳንጠለጠለች።

ከቀብሩ በማግስቱ ጠዋት ነው። ድንኳን ውስጥ የሚቀመጥ ፎቶ ጠፍቶ ቤቱ ሲታመስ ነው ያደረው። ሙለታ ሠላሳ አንድ ዓመት መዝገብ ቤት ተቀምጦ የአምቦን ሰው ፎቶ ፋይል ላይ ሲያጣብቅ ኖረ እንጂ የራሱስ የሠርጉ ብቻ ነው። እሱም ዝናብ ገብቶበት ሙሽራዋ ተርፋ ሙሽራው ተላልጧል። ዱሬቲ ምናልባት መታወቂያው ይገኝ ይሆናል ብላ የክት ኮቱን ስትፈትሽ ነው፣ ከውስጥ ኪሱ በትንሽ ፖስታ የተያዙ ሦስት ጉርድ ፎቶዎች ያወጣችው። ገና ሽታቸው ያልለቀቀ አዲስ ፎቶዎች። ሙለታ ከረባት አስሯል፤ ጸጉሩን በውሃ አስተኝቷል፤ ሁለቱም ጆሮዎቹ እኩል ይታያሉ።

«መንገድ አይሄድ፣ ሥራ አይቀጠር፤ ጡረታ ከወጣ ስምንት ዓመቱ። ጉርድ ፎቶ ምን ይሠራለታል? ሞቱን አውቆ ለድንኳኑ ነው የተነሣው። ወይኔ ወንድሜ!»

ሴቶቹ እንደ አዲስ ጮኹ። ሚስቱ ባየሽ ብቻ አልጮኸችም። ሠላሳ አራት ዓመት አብራው ኖራለች። ሰውዬው ከረባት አስሮ ፎቶ ቤት ሄዶ ተሰናብቶ ሲመለስ ለእሷ ትንፍሽ አይልም? እሑድ ከቅዳሴ መልስ ጫማውን ሲያወልቅ ወንበሩ ላይ ዘንበል አለ፣ አለቀ። ሐኪሞቹ ደም ግፊት ነው አሉ። ለእሷ ድንገት ነበር፤ ለእሱ ግን አልነበረም ማለት ነው። ነፍሱን ይማረውና፣ ባየሽ ባሏን ተቀየመችው።

ቅያሜዋን ግን ዋጠችው፤ የባሰ ጉዳይ ነበራት። የባሰው ጉዳይ ድንኳኑ ጥግ፣ የእድሩ ድስቶች ከተደረደሩበት አጠገብ አቀርቅሮ ተቀምጧል። ሞሲሳ፣ አንድ ልጇ። ከአዳማ የደረሰው አፈር ሲመለስ ነው። ከዚያ ወዲህ የቤቱን ደፍ አልረገጠም፤ አክስቱ ከልክላዋለች።

«‹ስሜን ከስምህ ኋላ አውልቅ› የተባለ ልጅ ከሐዘንተኛ እኩል ፍራሽ ላይ አይቀመጥም» ነበር ያለችው ዱሬቲ፣ ለቀስተኛው ሁሉ እየሰማ። «ያልኩት እኔ አይደለሁም፣ አባቱ ነው። አባቱ ደግሞ ቃሉን ሳያነሣ ሄደ።»

ማንም አልተከራከራትም። የአባት ቃል በእነሱ ዘንድ ቀልድ አይደለም፤ ሳይነሣ ከቀረ ልጁን ይከተለዋል፤ የያዘው አይበረክትለትም፣ የወለደው አያድግለትም። ባየሽም ይህን እየሰማች ነው ያደገችው፤ ታምናለች። ነገ ሠልስት ነው። ድንኳኑ ይነሣል፤ ሞሲሳም አዳማው ይመለሳል። ያን ቃል ተሸክሞ ከሄደ ልጇንም እንደቀበረች ቁጠሩት።

ነገሩ የሆነው የዛሬ ሦስት ዓመት ነው። ሞሲሳ ዩኒቨርሲቲውን ሦስተኛ ዓመት ላይ ጥሎ መጣና ስልክ መጠገን ልማር፣ ሲደላኝ ፕሌይስቴሽን ቤት ልክፈት አለ።

«የሙለታ ልጅ ኳስ በአውራ ጣቱ ሊጫወት!» አለ አባት።

«አንተስ የሞተ ወረቀት ስትጠብቅ አይደል ያረጀኸው?» አለ ልጅ።

አይ አፍ! ሙለታ ብድግ አለ። መዝገብ ቤት ያረጀ ሰው እንደ ሌላው አባት «ውጣልኝ» ብሎ አያበቃም። «ከዛሬ ጀምሮ ስሜን ከስምህ ኋላ አውልቅ» አለው። ሞሲሳ በማግስቱ አውቶቡስ ተሳፈረ።

ከዚያ ወዲያ ሁለት ግትር መሐል የወደቀችው ባየሽ ናት። «ደውልለት» ስትለው ሙለታ «አባት ቀድሞ አይደውልም» ይላታል። ልጁ ደግሞ «ስሙን የከለከለኝ እሱ ነው፣ እሱ ይደውል» ይላል። ሽማግሌ እንላክ ብትለው ሙለታ፣ «ሽማግሌ የሚልከው የበደለ ነው፤ እኔ ምን በደልኩ?» አላት። ድሮ ሰፈሩ ሁሉ ሙለታን በልጁ ስም አባ ሞሲሳ ብሎ ነበር የሚጠራው፤ ከዚያ ቀን በኋላ በዚህ ስም ሲጠሩት እንዳልሰማ ሆኖ ያልፋል። ግን ደግሞ፣ ስልኳ ሲጮህ ሬዲዮውን ዝቅ ያደርግ ነበር። አንዴ ልጁን ሳል እንደያዘው ለጎረቤት ስታወራ ሰማትና፣ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ «አዳማ ዝንጅብል አይጠፋም» አለ። ለማን እንደሆነ አልተናገረም፤ እሷም አልጠየቀችውም።

በሠልስቱ ጠዋት ተሬፋ መጣ። ተሬፋ የሞሲሳ አብሮ አደግ ነው፤ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ ፕሌይስቴሽን ቤት አለው። እሑድ ማለዳ ለሠርግ ጎጆ ወደምትባለው ከተማ ወጥቶ፣ በጭቃ የተበላሸው መንገድ ይዞት ስለከረመ መርዶውን ገና መናኸሪያ ሲወርድ ነው የሰማው። በሩጫ ድንኳን ገባ። «ነፍስ ይማር» ሊል አፉን ሲከፍት፣ አድጎ በፍሬም የተቀመጠው ጉርድ ፎቶ ፊት ለፊት ገጠመው።

«ወይኔ፣ ጆሮው!» አለና ሳቀ።

ድንኳኑ ክው አለ። ተሬፋ ሳቁን በሁለት እጁ አፈነው፤ ሳቁ በእጆቹ ሥር ለቅሶ ሆነ፤ እዚያው ቁጢጥ አለ። ዱሬቲ ከውስጥ ከዘራዋን ይዛ ወጣች።

«ለቅሶ ቤት መጥቶ የሚስቅ የማን ባለጌ ነው?»

«ይተዉት አደ ዱሬቲ» አለች ባየሽ፣ ከበሩ ቆማ። «ና ግባ ተሬፋ። ጆሮው ምን ሆነ?»

መኝታ ቤት አስገብታ በሩን ገርበብ አደረገች። ተሬፋ አፍንጫውን እየጠረገ መሬት መሬት ያያል።

«ሰይጣን ነው ያሳቀኝ፣ ይቅር ይበሉኝ አደ ባየሽ። ያ ፎቶ እኮ… ኦቦ ሙለታ ለእኔ ነው ያመጡት። አራት ነበር። አንዱ እኔ ጋ ነው።»

«ለአንተ? ለምንህ?»

«ለፕሌይስቴሽኑ።»

ባየሽ አፈጠጠችበት።

ተሬፋ ከሥሩ ጀመረላት። የዛሬ ወር ገደማ ነው። ሙለታ የእድሩ ጸሐፊ ነበርና የስብሰባ ጥሪ ሊያደርስ ወደ ተሬፋ ቤት ጎራ አለ። ወረቀቱን ሰጥቶ ሊወጣ ሲል ቴሌቪዥኑ ላይ የስም ዝርዝር አየ። ዝርዝር አይቶ ሳያነብ የሚያልፍ የመዝገብ ቤት ሰው የለም፤ መነጽሩን አወጣ። ሦስተኛው ስም ላይ ቆመ።

«ይሄ ሞሲሳ ሙለታ ነው የሚለው?»

«አዎ ኦቦ ሙለታ። እሱ ነው፤ አዳማ ሆኖ እየተጫወተ ነው።»

«በዚህ ስም ነው ሰው የሚያውቀው?»

«በዚሁ ነው። የትም አገር ያለ ተጫዋች የሚያየው ይሄንኑ ነው።»

ሙለታ አግዳሚው ላይ ቁጭ አለ። «አላወለቀውም» አለ። ደግሞ ቆይቶ፣ «እኔስ እዚህ መመዝገብ እችላለሁ?» ብሎ ጠየቀ።

በማግስቱ ከረባት አስሮ መጣ። አራት ጉርድ ፎቶና የጡረታ ደብተሩን ኮፒ ይዟል።

«‹ኧረ ኦቦ ሙለታ፣ በስልክ አነሣዎታለሁ፤ ለዚህማ ፎቶ ቤት አይኬድም› ብላቸው፣ ‹በስልክ የተነሣ ፎቶ ለፋይል አይሆንም› አሉኝ። እሺ ብዬ ጉርዱን ራሱን በስልኬ አንሥቼ በአፑ በኩል አስገባሁት። እዚያ ፎቶው የሚወጣው ክብ ሆኖ ነው። ልክ ቴሌቪዥኑ ላይ ሲወጣ ጮኹ። ‹ጆሮዬን ቆረጠው! ሁለቱም ጆሮ ካልታየ ውድቅ ነው፣ እኔ ራሴ ስንቱን መልሻለሁ› አሉ። ጆሮ እስኪገባ ሳሳንስ፣ ስገፋ፣ ግማሽ ሰዓት ፈጀሁ። ልጆቹ ሁሉ ጨዋታ አቁመው ‹ግራው ቀረ! ቀኙ ቀረ!› ይሉኛል። አሁን ድንኳኑ ውስጥ ሁለቱንም ጆሮ ሳይ ነው እኮ…»

ባየሽ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ሳቅ ነው ለቅሶ ነው፣ ራሷም አላወቀችውም።

«ስም ምን ልበል ስላቸው ‹አባ ሞሲሳ በል› አሉ። ከዚያ ‹ማመልከቻው ለማን ነው የሚቀርበው?› አሉኝ። ‹ለሞሲሳ ነው፣ የጓደኝነት ጥያቄ ነው የሚላከው› አልኳቸው። ‹ስልክ አይደለም?› ‹አይደለም።› ‹እንግዲያው ቀድሜ አልደወልኩም› ብለው ላኩት። በየቀኑ ዐሥር ሰዓት ላይ ይመጡ ነበር። ‹መልስ መጣ?› ይሉኛል። ገና ነው ስላቸው ‹ግድ የለም፣ ፋይል ጊዜ ይወስዳል፤ እኔም ስንቱን አጉላልቻለሁ› ይላሉ። ቅዳሜ ዕለትም መጥተው ነበር።»

«የእድር ስብሰባ ነው ይለኝ ነበር» አለች ባየሽ።

ለሞቱ አልነበረም። ተሰናብቷትም አልነበረም። ሰውዬው ሊታረቅ ነበር ከረባት ያሰረው። ባየሽ ከእሑድ ወዲህ ያላለቀሰችውን ዓይነት ለቅሶ አለቀሰች፤ ድምፅ የሌለው፣ የሚያሳርፍ። ከዚያ ተነሥታ ወጣችና፣ በለቀስተኛው መሐል አቋርጣ፣ የልጇን ክንድ ይዛ ወደ ቤት ጎተተችው። ዱሬቲ በሩ ላይ ቆማለች።

«የት ነው የምታስገቢው?»

«መንገድ ይልቀቁልኝ አደ ዱሬቲ። ከፈለጉ ገብተው ይስሙ።»

ዱሬቲ ተከትላ ገባች።

«ልጄ» አለች ባየሽ፣ «‹አባ ሞሲሳ› የሚል ጥያቄ መጥቶልህ ነበር? እዚያ ጌማችሁ ላይ?»

የሞሲሳ ፊት አመድ መሰለ። አንዴ እናቱን፣ አንዴ ተሬፋን አየ።

«እሱ ነበር እንዴ?»

«እሳቸው ናቸው» አለ ተሬፋ። «አጠገባቸው ነበርኩ።»

«አንተ መስለኸኝ እኮ ነው! ልታሾፍብኝ፣ አባቴን አስመስለህ… ከረባት አስሮ አይቼው አላውቅም። ደግሞ ‹አባ ሞሲሳ›! እሱ በዚህ ስም መጠራት እንደተወ እማ ነግራኛለች። ተናደድኩ። አልሰረዝኩትም፣ እማ፣ ሙች አልሰረዝኩትም። ግን ዝም አልኩት። ወር ሙሉ ዝም አልኩት!»

መሬት ላይ ተዘረጋ። አባቱ ከሞተ ጀምሮ አንድም ጊዜ ድምፅ አውጥቶ አልቅሶ አያውቅም ነበር፤ መብት የለኝም ብሎ። አሁን ጩኸቱ ድንኳኑ ድረስ ተሰማ።

ዱሬቲ ከዘራዋን ተመርኩዛ ስትሰማ ቆየችና ተሬፋን ጠራችው።

«ቆይ፣ እኔ በደንብ ይግባኝ። ይሄ ጥያቄ የምትሉት ‹እንገናኝ› ማለት ነው?»

«አዎ፣ እንደዚያ ነው።»

«በገዛ እጁ ነው የላከው ወይስ አንተ?»

«በገዛ ጣታቸው ነው የተጫኑት። ልጫንልዎ ስል ‹ይሄ ፊርማ ነው፣ በሰው እጅ አይሆንም› አሉኝ።»

«ሰው አይቷል?»

«ቤቱ ሙሉ ነበር።»

«ምስክርም አለዋ!» ዱሬቲ አልጋው ጫፍ ላይ ቀስ ብላ ተቀመጠች። ድምፅዋ ተለወጠ። «እንግዲህ ቀድሞ የመጣው ወንድሜ ነው። ስምህንም መልሶ ለብሶታል። ቃሉን አንሥቷል ማለት ነው። እኔ ነኝ ያጠፋሁት፣ ሁለት ቀን ውጭ አስቀመጥኩህ።» ቆየት ብላ፣ «አንተ ግን መልስ አልሰጠኸውም። አሁን መስጠት ይቻላል?»

«ይቻላል አዳዳ» አለ ሞሲሳ፣ አክስቱን እንደ ልጅነቱ ጠርቶ። «ጥያቄው አሁንም አለ።»

«እንግዲያው አባትህን ደጅ አታስጠናው።»

ሞሲሳ ስልኩን አወጣ። ክቡ ውስጥ ሙለታ አለ፤ ከረባቱ ጠብቆ፣ ሁለት ጆሮዎቹ በጠባቧ ክብ ውስጥ ተጨናንቀው። አራቱም ጎንበስ አሉ። የልጁ አውራ ጣት አንዴ ሳተ፣ በሁለተኛው ተጫነ።

«ምን አለ?» አለች ባየሽ።

«ጓደኛ ሆናችኋል ይላል።»

«እሱስ? እሱስ ምን አለ?»

ሞሲሳ ከፎቶው ሥር ያለችውን ትንሽ ጽሑፍ አየ።

«የለም ይላል፣ እማ። ከአራት ቀን ወዲህ አልገባም ይላል።»

ሞሲሳ ስልኩን አስቀምጦ በጉልበቱ እናቱ ፊት ሄደና ራሱን ዝቅ አደረገ።

«መርቂው» አለች ዱሬቲ። «በእሱ ቦታ ሆነሽ።»

ባየሽ እጇን በልጇ ራስ ላይ ዘረጋች። ምርቃት እንትፍ ካልተባለበት አይያዝም። ከንፈሯን ሰበሰበች፤ አልመጣላትም። አፏ በሦስት ቀን ለቅሶ ደርቆ ጠብታ ምራቅ የለበትም። ደግማ ሞከረች።

«ውሃ» አለች።

ዱሬቲ ራሷ ተነሥታ በጣሳ አመጣችላት። ባየሽ አንድ ጊዜ ተጎነጨች፣ አፏን አረጠበች፣ ልጇም አንገቱን ደፍቶ ጠበቃት።

«እንትፍ» አለች መሐል አናቱ ላይ።