የቫናጃክሺ የገዛ ድምፅ

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ሚያዝያ 16 ቀን 1996 ነበር፤ የፊልም ድምፅ ቀጂው ሳባፓቲ ያን ጊዜ ሃምሳ ስምንት ዓመቱ ነው። በደቡብ ሕንድ፣ ታሚል በሚነገርባት በዲንዲጉል ከተማ ለምርጫ የቀረበችውን ተዋናይት ቫናጃክሺን የሚያዋርድ ካሴት፣ ድምፅ ማጉያ በጫነች ባጃጅ ሲዞር ሰማ። የሴት ድምፅ፣ «ዛሬ ወደ አንተ እመጣለሁ፤ ሰው አይወቅብኝ» ይላል። ባለ ባጃጁም፣ «ለሚኒስትሩ ነው የምትለው!» እያለ ያክልበታል።

ሳባፓቲ የሻይ ብርጭቆውን አስቀመጠ። ያን ድምፅ የቀዳው እርሱ ራሱ ነበር። ቫናጃክሺ የአፍ መፍቻ ቋንቋዋ ቴሉጉ ነውና በታሚል ፊልሞቿ ሁሉ የተናገረችላት ታማራይ የምትባል ሴት ነበረች፤ ተመልካቹ ግን ይህን አያውቅም። ሁለቱ ሐረጎች ከሁለት ፊልም ተቆርጠው የተቀጠሉ ነበሩ።

ሄዶ ለቫናጃክሺ ነገራት። እርሷም ራሷ ወጥታ ለሕዝቡ እንደምትናገር ብትገልጽ የፓርቲዋ አደራጅ ተቆጣ።

«እመቤቴ፣ አንቺ እጅሽን ብቻ አውለብልቢ! በዚያ በተሰባበረ ታሚልሽ አፍሽን ከከፈትሽ ሕዝቡ ስቆ ይበተናል።»

«ተፍቶብኝ ከሚበተን ስቆብኝ ይበተን» አለችው። «ጋሼ ሳባፓቲ፣ እባክዎ ታማራይን ይጥሩልኝ።»

ከቀትር በኋላ አደባባዩ ጢም ብሎ ሞላ። ቫናጃክሺ መድረክ ላይ ወጥታ፣ «ወንድሞቼ፣ እኅቶቼ…» ስትል የራሷ ወፍራም፣ ቃል የሚሰብር ድምፅ ተሰማ። ሳቁ ፈነዳ።

«ይቺ ደግሞ ማናት? የእኛዋን ቫናጃክሺ አምጡልን!» አለ አንዱ።

«የእናንተዋ ቫናጃክሺ አፏ ይቺውላችሁ» ብላ ታማራይን ወደ ፊት አቆመቻት።

ታማራይ በለሰለሰ ድምፅ ጀመረች፦ «ዛሬ ወደ አንተ እመጣለሁ…»

ሕዝቡ የፊልሞቹን ንግግር በቃሉ ያውቅ ነበርና በአንድ አፍ ሞላው፦ «…አምላኬ ሙሩጋ ሆይ፣ የልጄን ዓይን አብራልኝ!»

«ሰው አይወቅብኝ…»

«…ሩዙን ማሳረሬን!»

አንዲት አበባ ሻጭ አደባባዩ ዳር ወደ ቆመችው ወደዚያች ባጃጅ ዞራ፣ «እናንተ ባለጌዎች! ለአምላክ የተባለውን ለሚኒስትር ሰጣችሁት?» ብላ ጮኸች።

አደራጁ ላቡን ጠረገ። «በቃ፣ ስምሽ ጠራ። የቀረውን ታማራይ ትናገርልሽ።»

«ዘጠኝ ዓመት ሌላ ሴት ተናገረችልኝ፤ ስሜን ያጠፉትም በዚያው ቀዳዳ ገብተው ነው» አለች ቫናጃክሺ፣ ድምፅ ማጉያውን ሳትለቅ። ወደ ሕዝቡም ዞረች። «ድምፄ ይኸው ነው። አያምርም፤ የእኔ ግን ነው። የሚስቅ ይሳቅ፤ ስትጨርሱ እቀጥላለሁ።»

ሳቁ እስኪያልቅ ቆማ ጠበቀች፤ ከዚያም በተሰባበረው ታሚሏ ስለ መጠጥ ውኃው ተናገረች።

ሳባፓቲ ይህን የጻፈው ከብዙ ዘመን በኋላ ነው። ቃሏን ያጣመመበት ቦታ ካለ፣ በዚያ አደባባይ የነበራችሁ ታቃኑለት ዘንድ ይለምናል።