የመጀመሪያዋ ጉርሻ

1.

ወንበሩ ላይ ሰው አለ።

2.

የማን ወንበር እንደሆነ ላስረዳ። ኦዲት ክፍል ውስጥ ሁሉም ምሳ ዕቃውን አንድ ትሪ ላይ ይገለብጣል። አስካለ ትጠቀልላለች፤ የመጀመሪያዋ ጉርሻ ከጎኗ ለሚቀመጠው ለሙሉሰው ናት። ለምን? እንጃ። የቢሮ ሕገ መንግሥት አይጠየቅም።

ሙሉሰው መስክ ከርሞ ሲመለስ ግን ከአስካለ ጎን አዲሱ ልጅ ኪሩቤል ጉንጩ ተወጥሮ ያላምጣል።

3.

አስካለ፦ እንዴ ሙሌ! እንኳን ደህና መጣህ! ቅረብ እንጂ።
ሙሉሰው፦ የት?
አስካለ፦ እዚያ፣ ፕሪንተሩ ጋ ጠጋ በል።
ኪሩቤል (አፉ ሙሉ)፦ ጋሼ፣ ልነሳልዎት?
አስካለ፦ ተቀመጥ ባክህ፣ ብላ!

ጋሼ። ልነሳልዎት። ሙሉሰው ገና ሠላሳ አምስት አልሞላውም!

4.

(ይህ ቁጥር የሙሉሰው ነበር። ኪሩቤል ተቀምጦበታል።)

5.

ሰው ሲቀና አፉ ይቀድመዋል። ሙሉሰው በጠራራው የፍስክ ማክሰኞ፣ ምሳ ዕቃው ውስጥ ጥብስ እንደያዘ፣

«ጾም ነኝ»

አለ። እንዲለምኑት ነው። አስካለ «ኧረ በሞቴ!» እንድትለው ነው። «በሞቴ» እንደሷ የሚያውቅበት የለም።

6.

አላለችም።

አከበሩት።

«ስለት ይኖርበታል» ተባባሉ። አስካለ ዓይኗ እንባ አቅርሮ፣ «አትፈትኑት!» ብላ ትሪውን አራቀችለት።

ሙሉሰው ከፋይል መደርደሪያው ጀርባ ብቻውን ሽሮ ሲውጥ ሰነበተ። ሳቃቸው ይሰማዋል። ያሙኝ ይሆን ብሎ ጆሮውን ቀሰረ።

አያሙትም።

የባሰው ይሄ ነው።

7.

በሳምንቱ ሐሙስ ኪሩቤል ምስር ወጥ ይዞ ከመደርደሪያው ጀርባ ብቅ አለ።

«ጋሼ፣ ብቻዎን ከሚጾሙ እኔም አብሬዎት ልጹም ብዬ ነው።»

የሙሉሰው ሆድ ባባ። ግን ብዙም አልቆየ፤ ከኪሩቤል ኋላ አስካለ፣ ከአስካለ ኋላ ክፍሉ በሙሉ ትሪውን ተሸክሞ መጣ።

«ኪሩ የሌለበት ምሳ ደግሞ ምን ምሳ ነው!»

ስለዚህ ለኪሩ ሲባል ሁሉም ጾመ።

8.

አስካለ ምስሩን በእንጀራ ጠቀለለች። የመጀመሪያዋ ጉርሻ ናት። ግራዋ ሙሉሰው፣ ቀኟ ኪሩቤል። እጇ ተነሳ።

ሁለት አፍ ተከፈተ።

አንባቢዬ፣ አንተ እንኳ አፍህን ዝጋ።

9.

«በሞቴ፣                              !»